ሁለት ሰከንድ ሲቀር

የአንባብያን ጥያቄና መልስ ዓምድ

ባለፈው እትማችን ስለ ቦክስ ባወጣነው ጽሑፍ ሜክሲኳዊውን ሁሊዮ ሴሳር ቻቬዝን በአንድ ዐረፍተ ነገር ብቻ አንሥተን ማለፋችን ያስኮረፋቸው አንባብያን ከገመትነው በላይ በዝተው ተገኝተዋል። ከደሴ፣ ከኮምቦልቻ፣ ከሐይቅና ከወልዲያ ከደረሱን ደብዳቤዎች ተመሳሳዮቹን አዋሕደን፣ ረጃጅሞቹንም አሳጥረን ከዚህ በታች እንመልሳለን። ዓመታቱ በሙሉ የተጻፉት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ጥያቄ፦ «ፒያሳ ባለች አንዲት ቡና ቤት ከጓደኞቼ ጋር የጀመርነው ክርክር ሦስተኛ ሳምንቱን ይዟል። ቻቬዝ በ1990 ሜልድሪክ ቴይለርን ያሸነፈው ግጥሚያው ሊያልቅ ሁለት ሰከንድ ሲቀረው ዳኛው ስላስቆመለት ነው። እኔ ይህን ስጦታ እንጂ ድል አልለውም፤ ጓደኞቼ ግን ‹ዳኛ ሰዓት ቆጣሪ አይደለም› ይሉኛል። የተረታው ወገን የአንድ ወር ቡና ከፋይ ስለሆነ ፍርዳችሁን ቶሎ ላኩልን።» (ከደሴ)

መልስ፦ ወንድማችን፣ በመጀመሪያ የተጣላችሁበት ጉዳይ ከእናንተ ቡና ቤት አልፎ ዓለምን ከሠላሳ ዓመት በላይ ያከራከረ መሆኑን ዕወቁልን። መጋቢት 17 ቀን 1990 በላስ ቬጋስ ሒልተን ሆቴል የተገናኙት ሁለቱም ሽንፈትን የማያውቁ ሰዎች ነበሩ። ቻቬዝ የዓለም የቦክስ ምክር ቤትን፣ ቴይለር ደግሞ የዓለም አቀፉን የቦክስ ፌዴሬሽን ቀበቶ ይዘው፣ እስከ 63.5 ኪሎ ግራም ባለው ክብደት ማን ይበልጥ እንደሆነ ሊለዩ ነው የገቡት። ቴይለር በ1984ቱ የሎስ አንጀለስ ኦሊምፒክ ወርቅ ያጠለቀ የፊላደልፊያ ልጅ ሲሆን፣ የእጁ ፍጥነት ዓይን የሚቀድም ነበር።

ከአሥራ አንደኛው ዙር በኋላ የነጥብ ሰጪዎቹ ወረቀት የሚናገረው ለእርስዎ ያደላል። አንዱ ዳኛ 108 ለ101፣ ሌላው 107 ለ102 ቴይለርን ያስቀደሙ ሲሆን፣ ሦስተኛው ብቻ 105 ለ104 ለቻቬዝ ሰጥቷል። ይህ ማለት ቴይለር በመጨረሻው ዙር መሬት ወድቆ ነጥብ ቢቀነስበት እንኳ፣ ተነሥቶ ደወሉን በእግሩ ቆሞ ቢሰማ ኖሮ በሁለት ዳኞች ድምፅ አሸናፊ ይሆን ነበር። ስሌቱን ደጋግመን አይተነዋል፤ ጓደኞችዎ በዚህ በኩል ሊከራከሩዎት አይችሉም።

ነገር ግን ወረቀት የሚቆጥረው የቡጢን ብዛት እንጂ ክብደቱን አይደለም። ቴይለር ሦስት ቡጢ ሲያሳርፍ ቻቬዝ አንድ ይመልሳል፤ ያቺ አንዷ ግን የምታርፈው ጎድን ላይ ወይም ጉንጭ ላይ ነው፤ ባረፈችበትም ታድራለች። ግጥሚያው ሲገፋ የቴይለር ከንፈር ተተርትሮ፣ ዓይኖቹ አብጠው፣ የፊቱ አጥንት ተሰብሮ፣ የገዛ ደሙን እየዋጠ ይዋጋ ነበር። ያሸንፍ የነበረው ሰው መልክ የተሸናፊ፣ ይሸነፍ የነበረው ሰው መልክ የአሸናፊ መሆኑ ነው ያን ምሽት እስከ ዛሬ የሚያስደንቀው፤ ታዋቂው ሪንግ መጽሔትም ግጥሚያውን የአሥርቱ ዓመታት ምርጥ ብሎ መርጦታል።

አሥራ ሁለተኛው ዙር ሊጀመር ሲል ከቴይለር ጥግ የወጣው ምክር «ይህ ዙር ያስፈልግሃል» የሚል ነበር። እኛ ጥፋቱን የምናየው እዚህ ላይ ነው። ያ ዙር አያስፈልገውም ነበር፤ የሚያስፈልገው ሦስት ደቂቃ መሸሽ፣ ማቀፍ፣ ገመዱን እየተንተራሰ መዞር ብቻ ነበር። እሱ ግን አሰልጣኞቹን አምኖ ከቻቬዝ ጋር ቡጢ ለቡጢ ገጠመ። ከሃያ የማይበልጡ ሰከንዶች ሲቀሩ ቀጥተኛ ቀኝ ቡጢ አግኝታው በጥጉ በኩል ወደቀ። ስድስት ሲቆጠር ገመድ ይዞ ተነሣ፤ የመድረኩ ዳኛ ሪቻርድ ስቲል እስከ ስምንት ቆጥሮ «ደኅና ነህ ወይ?» ሲል ሁለት ጊዜ ጠየቀው። ቴይለር አልመለሰም፤ ዋና አሰልጣኙ ወደ መድረኩ ጠርዝ ሲወጣ አይቶ ፊቱን ወደዚያ አዞረ። ስቲል እጁን አወናጨፈ፤ ሰዓቱ ሁለት ደቂቃ ከሃምሳ ስምንት ሰከንድ ላይ ቆመ።

እንግዲህ ፍርዱ ይህ ነው። ለዳኛው የቀረበለት ጥያቄ «ይህ ሰው ራሱን መከላከል ይችላል ወይስ አይችልም?» የሚል ብቻ ነበር፤ መልስ ያላገኘ ዳኛ ማስቆሙ ከሥልጣኑ አልወጣም። በሌላ በኩል ቻቬዝ ራቅ ባለው ጥግ ቆሞ ስለነበር በሁለት ሰከንድ ውስጥ መድረኩን አቋርጦ ሌላ ቡጢ ሊያሳርፍ እንደማይችል ማንም ያያል፤ ስለዚህ የእርስዎም ቁጭት መሠረት አለው። ሆኖም ቴይለርን የበደለው የራሱ ጥግ ነው እንጂ ስቲል አይደለም ብለን እናምናለን። ቡናውን ይክፈሉ፤ ነገር ግን ጓደኞችዎ ስኳሩን ይሸፍኑልዎ።

ለመረጃ ያህል፣ ቴይለር በማግሥቱ ዓመት በ66.7 ኪሎ ግራም ሌላ የዓለም ቀበቶ አግኝቷል። በመስከረም 1994 ከቻቬዝ ጋር ዳግመኛ ሲገናኙ ግን በስምንተኛው ዙር ተሸንፏል፤ በዚያኛው ማንም አልተከራከረም።

ጥያቄ፦ «በኮምቦልቻ ቦክስ የምለማመድ የ19 ዓመት ወጣት ነኝ። አሰልጣኛችን ቻቬዝን እየጠቀሰ ‹ጉበቱን ፈልገው› ይለናል። ራስ ፊት ለፊት ተቀምጦ እያለ ጉበት የሚፈለገው ለምንድን ነው?» (ከኮምቦልቻ)

መልስ፦ አሰልጣኝህ ልክ ነው። ጉበት ያለው በቀኝ በኩል፣ በታችኞቹ የጎድን አጥንቶች ሥር ነው፤ በግ አርዶ የበለተ ሰው ቦታውን ያውቀዋል። ግራ እጁን አስቀድሞ የሚቆም ቦክሰኛ ከጎን የሚያጥፋት የግራ ቡጢ የምትደርሰው በቀጥታ እዚያ ላይ ነው። በትክክል ስታርፍ የደም ግፊት በድንገት ይወርዳል፣ ትንፋሽ ይቆረጣል፣ ጉልበትም ይከዳል። አገጩን የተመታ ሰው ራሱን ስቶ ይወድቃል፤ ጉበቱን የተመታ ሰው ግን ቆጠራውን አንድ በአንድ እየሰማ፣ መነሣት እየፈለገ፣ እግሩ እምቢ ይለዋል። ደግሞም ሕመሙ ወዲያው አይመጣም፤ አንድ ሰከንድ ያህል ዘግይቶ ነው የሚደርሰው፤ ስለዚህ ተመቺው ገና ሲፈግግ ሊወድቅ ይችላል።

ይሁን እንጂ ቻቬዝ ጉበት ፍለጋ ዘሎ አይገባም ነበር፤ አንተም ልትማር የሚገባህ ይህንን ነው። በመጀመሪያ መንገድ ይዘጋል። ተጋጣሚው ወደ ግራ ሲሄድ አይከተለውም፤ በአጭር እርምጃ ቀድሞት ይቆማል፤ በዚህ ዓይነት ሰፊው መድረክ እየጠበበ ሄዶ መጨረሻ ላይ የአንድ ክፍል ጥግ ያህል ይሆናል። ከዚያ ግንባሩን ተጋጣሚው ደረት አጠገብ አስጠግቶ ቀኝ እጁን ወደ ራስ ይልካል። ሰውየው ፊቱን ሊሸፍን ክርኖቹን ከፍ ሲያደርግ ጎኑ ይጋለጣል፤ ግራዋ የምትመጣው ያኔ ነው። ባሕር ዛፍ የሚቆርጥ ሰው ከቅርንጫፉ አይጀምርም፤ እሱም ግንዱን ይቆርጥ ነበር፤ ቁረጣውም ጊዜ ይወስዳል። በኅዳር 1987 የፖርቶ ሪኮውን ኤድዊን ሮዛሪዮን የገጠመበትን ፊልም ብታገኝ ተመልከተው። ሮዛሪዮ በዚያን ጊዜ በቀላል ክብደት እጅግ ከሚፈሩ መቺዎች አንዱ ነበር፤ ቻቬዝ ግን በክብደት ከፍ ብሎ ሊገጥመው መጥቶ፣ ሸሽቶ ሳይሆን ደረቱ ላይ ተለጥፎ ሥራውን ሠራ፤ በአሥራ አንደኛው ዙር ዳኛው እስኪያስቆም ድረስ ሰውየው ፊቱ አብጦ የሚከላከልበት ትንፋሽ አልነበረውም። ብዙ ባለሙያዎች ከሥራዎቹ ሁሉ ምርጡ ይህ ነው ይላሉ፤ እኛም በዚህ እንስማማለን።

ሁለት ማስጠንቀቂያ እንጨምርልህ። አንደኛ፣ ከጎድን ትንሽ ወርዶ የሚያርፍ ቡጢ ከቀበቶ በታች ተብሎ ነጥብ ያስቀንሳል፤ ቻቬዝ ራሱ ዋጋውን እንዴት እንደከፈለ ቀጥለን እንነግርሃለን። ሁለተኛ፣ ሰውየው ተጠግቶ መዋጋት የቻለው አገጩ ድንጋይ ስለነበረ ነው፤ በሙያው ለመጀመሪያ ጊዜ መሬት የነካው በአሥራ አራተኛው ዓመቱ ገደማ፣ ዘጠና ጊዜ ከተጋጠመ በኋላ ነው። እንዲህ ያለው አገጭ በልምምድ የሚገኝ ስላልሆነ፣ መግባቱን ስትማር መሸፈኑን አትርሳ። በጓደኛህ ጉበት ላይ ደግሞ ያለ መከላከያ አትለማመድ።

ጥያቄ፦ «መምህር ነኝ። ተማሪዎቼ ‹90 ጊዜ ተጋጥሞ ያልተሸነፈ› ሲሉ እሰማለሁ፤ እኔ ደግሞ ካሸነፋቸው ብዙዎቹ ስም የሌላቸው ሰዎች እንደነበሩ አንብቤአለሁ። ቁጥሩ ምን ያህል ይታመናል? ከቀድሞው የቬኔዙዌላ ፕሬዚዳንትስ ጋር ዝምድና አለው ወይ?» (ከሐይቅ)

መልስ፦ በመጨረሻው እንጀምርና፣ ዝምድና የለውም፤ ስሙ በስፓኒሽ ተናጋሪዎች ዘንድ የተለመደ ነው።

ወደ ቁጥሩ ስንመጣ፣ ቻቬዝ ተወልዶ በሕፃንነቱ ያደገው ችግር በበዛበት ቤት ነው። በ1962 በሶኖራ ግዛት ቢወለድም ልጅነቱን ያሳለፈው በሲናሎአ ግዛት ዋና ከተማ በኩሊያካን ነው፤ አባቱ የምድር ባቡር ሠራተኛ ስለነበሩ ብዙ ልጆች ያሉት ቤተሰብ አገልግሎቱን በጨረሰ የባቡር ፉርጎ ውስጥ ይኖር ነበር፤ እናቱም የሰው ልብስ እያጠቡና እየተኮሱ ያሳድጉ ነበር። በየካቲት 1980 ለገንዘብ መዋጋት ሲጀምር 17 ዓመቱ ነበር። በመጀመሪያዎቹ አራት ዓመታት በኩሊያካንና በቲኋና መድረኮች ያገኛቸው አብዛኞቹ ተጋጣሚዎች ዛሬ ስማቸውን የሚያስታውስ የለም፤ በዚህ ረገድ ያነበቡት እውነት ነው።

እንዲያውም በዚያ ዘመን ተማሪዎችዎ የማያውቁት አንድ ነገር ተፈጽሟል። በ1981 በኩሊያካን ሚጌል ሩይዝ የተባለውን ተጋጣሚ የዙሩ ማብቂያ ደወል ሲደወል በመታ ቡጢ ዘረረው፤ ዳኛውም ቻቬዝን ከውድድር አስወጥቶ ድሉን ለሩይዝ ሰጠ። በማግሥቱ ግን የአካባቢው የቦክስ ኮሚሽን ውሳኔውን ሽሮ ለቻቬዝ በዝረራ አሸናፊነት መዘገበለት፤ የቻቬዝ ሥራ አስኪያጅ ደግሞ የዚያው ኮሚሽን ሰው ነበር። ስለዚህ ያ ረጅም ንጹሕ መዝገብ በጅምሩ ላይ አንድ የተፋቀ መስመር አለው ማለት ይቻላል።

ከ1984 በኋላ ያለው ግን ሌላ ታሪክ ነው። በዚያ ዓመት መስከረም 13 ቀን በሎስ አንጀለስ የኦሊምፒክ አዳራሽ ማሪዮ ማርቲኔዝን በስምንተኛው ዙር አሸንፎ የመጀመሪያውን የዓለም ቀበቶ በ59 ኪሎ ግራም አካባቢ ወሰደ። ከዚያ ወዲያ የገጠማቸው ሮጀር ሜይዌዘር፣ ሮኪ ሎክሪጅ፣ ሮዛሪዮ፣ ሆሴ ሉዊስ ራሚሬዝ፣ ቴይለርና ሄክቶር ካማቾ የዓለም ሻምፒዮን የነበሩ ወይም የሆኑ ሰዎች ናቸው። በሦስት የክብደት ደረጃዎች ሻምፒዮን ሆኗል፤ ለዓለም ቀበቶ 37 ጊዜ ተጋጥሟል፤ ቀበቶውንም 27 ጊዜ አስከብሯል። ይህን የሚያደርግ ሰው ስም በሌላቸው ላይ ብቻ አልዘመተም።

እርስዎ ያነሡትን ነገር ግሬግ ሃውገን የተባለው አሜሪካዊ ከእርስዎ በፊት ተናግሮት ዋጋውን አግኝቷል። ቻቬዝ የደበደበው የቲኋናን የታክሲ ሾፌሮች ነው ብሎ አፌዘ፤ የደሴ የባጃጅ ሾፌሮች ቢሰሙት ምን ይሉት እንደነበር እንጃ። በየካቲት 1993 በሜክሲኮ ከተማ አዝቴካ ስታዲየም ከ130,000 በላይ ተመልካች ከፍሎ ገብቶ እነሱን ለማየት ተሰበሰበ፤ ይህም ለቦክስ ከፍለው ከገቡ ተመልካቾች ሁሉ የሚበልጠው ቁጥር ሆኖ ተመዘገበ። ሃውገን ገና በመጀመሪያው ዙር ወደቀ፤ ዳኛው ያስቆመው ግን በአምስተኛው ነው፤ ቻቬዝ ለምላሱ ሲል ሆን ብሎ ያቆየው ይመስል ነበር። በኋላ ሲጠየቅ እነዚያ የታክሲ ሾፌሮች በጣም ጠንካሮች ሳይሆኑ አይቀሩም ብሎ አመነ፤ ለሽንፈት እንዲህ ያለ የጨዋ መልስ ብዙም አይሰማም።

ተማሪዎችዎ የሚሉት 90 በትክክል ሲጻፍ 89 ድልና 1 አቻ ነው። አቻው የመጣው በመስከረም 1993 በሳን አንቶኒዮ ከፐርኔል ዊትከር ጋር ሲሆን፣ በእኛ ዓይን ያን ምሽት ያሸነፈው ዊትከር ነው፤ በዓለምም አብዛኛው ተመልካች እንዲሁ ይላል። ቻቬዝ ዊትከርን ጥግ ማስያዝ አልቻለም፤ ከላይ ለኮምቦልቻው ወጣት የገለጽነው መንገድ የመዝጋት ስልት በዚያ ሰው ላይ አልሠራም።

ከአራት ወር በኋላ፣ በጥር 29 ቀን 1994፣ ፍራንኪ ራንዳል በላስ ቬጋስ አሸነፈው። በአሥራ አንደኛው ዙር መሬት ጣለው፤ ነገር ግን ውጤቱን የወሰነው መውደቁ ብቻ አልነበረም። ቻቬዝ ከቀበቶ በታች በመምታቱ ሁለት ነጥብ ተቀንሶበት ነበር፤ ዳኞቹም ለሁለት ተከፍለው ስለነበር ያ ቅጣት ባይኖር ኖሮ ቀበቶው ከእሱ ጋር ይቀር ነበር። ለዓመታት ያከበረችው የሆድ ቡጢ ጥቂት ጣት ወርዳ አዋረደችው። በግንቦት በድጋሚ ተጋጥመው፣ በስምንተኛው ዙር በራስ ግጭት ምክንያት ግጥሚያው ሲቆም በነጥብ ቀበቶውን መልሷል።

ጥያቄ፦ «ልጄ የዚህን ሰው ፎቶ ከአልጋው በላይ ለጥፎታል። ጎረቤቴ ደግሞ ሰውየው በመጠጥና በአደንዛዥ ዕፅ የተበላሸ ነው አለችኝ። አገራችን በመጠጡም በጫቱም የታወከ ወጣት አላነሳት፤ ፎቶውን ላንሣው ወይስ ልተወው?» (አንዲት እናት፣ ከወልዲያ)

መልስ፦ እናታችን፣ ጎረቤትዎ የነገሩዎ እውነት ነው፤ ግማሹን ግን አስቀርተዋል። ቻቬዝ ገና ሻምፒዮን ሳለ በአልኮልና በኮኬይን መያዙን እሱ ራሱ በአደባባይ ደጋግሞ ተናግሯል። በ1996 እና በ1998 ኦስካር ደ ላ ሆያ ሁለት ጊዜ ሲያሸንፈው፣ የመጀመሪያውን በአራተኛው ዙር በዓይኑ በላይ በደረሰ ቁስል፣ ሁለተኛውን ከስምንተኛው ዙር በኋላ ከጥጉ ባለመነሣቱ፣ ሰውነቱ የቀድሞው አልነበረም። መድረኩን ከተወ በኋላም ሱሱ ለዓመታት ቀጠለበት፤ በመጨረሻ ወደ ማገገሚያ ያስገቡት ሳይወድ በግድ የገዛ ቤተሰቦቹ ናቸው። ከዚያ ከወጣ በኋላ ራሱ በሜክሲኮ የሱሰኞች ማገገሚያ ማዕከላትን ከፍቷል፤ ስለ ራሱ ሲናገርም አያለሳልስም። ልጁ ሁሊዮ ሴሳር ታናሹ በ2011 በመካከለኛ ክብደት የዓለም ቀበቶ አግኝቶ በማግሥቱ ዓመት አጥቶታል፤ እሱም በዚያው በሽታ መቸገሩን አባትየው አልደበቀም።

ስለዚህ ፎቶውን አያንሡት፤ ነገር ግን ልጅዎ ሙሉውን ታሪክ ይወቅ። ፎቶውን ያነሡ እንደሆነ ልጁ የእናቱን ቁጣ እንጂ የሰውየውን ሕይወት አይማርም። ጎረቤትዎ ያላነሡት ሌላ ጉዳይ ግን እኛን የበለጠ ያሳስበናል። ልጅዎ ፎቶ ከመለጠፍ አልፎ ጓንት ካጠለቀ፣ ራስ ላይ የሚደጋገም ምት ከዓመታት በኋላ በአእምሮ ላይ ጉዳት እንደሚያመጣ በሕክምና የተረጋገጠ ነው። በልምምድ ጊዜ የራስ መከላከያ ያድርግ፤ ተዘርሮ ወይም ራሱን ስቶ ከነበረ ሐኪም ሳያየው ወደ ልምምድ እንዳይመለስ ይከልክሉት።

ጥያቄ፦ «ማሞ ወልዴ በ1968 በሜክሲኮ ከተማ ማራቶን ሲያሸንፍ በሬዲዮ የተከታተልኩ የደሴ ሽማግሌ ነኝ። ያን ጊዜ የከፍታው ነገር ብዙ ተወርቶ ነበር። ይህ ቦክሰኛም እንደ እኛ የደጋ ሰው ነው ወይ? መድረኩንስ የተወው እንዴት ነው?» (ከደሴ)

መልስ፦ አባታችን፣ ሜክሲኮ ከተማ 2,240 ሜትር ያህል ከፍታ ላይ ያለች ስለሆነች ለእርስዎ ደሴ ቅርብ እህት ናት፤ ደሴ እንዲያውም ትበልጣታለች። ቻቬዝ ግን የቆላ ሰው ነው። ኩሊያካን በፓስፊክ ውቅያኖስ አቅራቢያ ያለች ሞቃት ከተማ ናት። ሆኖም ለትልልቅ ግጥሚያዎች ሲዘጋጅ ከሜክሲኮ ከተማ ውጭ ከ3,000 ሜትር በላይ ወዳለ ተራራ፣ ኦቶሚ ወደሚባሉት ነባር ሕዝቦች የሥነ ሥርዓት ማዕከል ወጥቶ ይለማመድ ነበር፤ ጦሳ ላይ ወጥቶ እንደመሮጥ ይቁጠሩት። ከእሱ በኋላ ብዙ የሜክሲኮ ቦክሰኞች ወደዚያው ተራራ መውጣት ልማድ አድርገውታል። በመጨረሻዎቹ ዙሮች ሌላው ሲደክም የእሱ ትንፋሽ የማያልቀው ለዚህም ጭምር ነበር።

መድረኩን በአንድ ጊዜ አልተወውም፤ እየሄደ እየተመለሰ ነው የተወው። በ2000 ዓ.ም. በ38 ዓመቱ ለቀበቶ ኮስትያ ዚዩን ፊኒክስ ላይ ገጥሞ በስድስተኛው ዙር ተሸነፈ፤ ያኔ ቢበቃው ጥሩ ነበር። እሱ ግን ከዚያም በኋላ ተመለሰ። ጠቅላላ መዝገቡ 115 ግጥሚያ፣ 107 ድል፣ 6 ሽንፈትና 2 አቻ ነው፤ ከድሎቹ ከ80 በላይ የሚሆኑት በዝረራ የተገኙ ናቸው። በ2011 ከማይክ ታይሰንና ከዚያው ከዚዩ ጋር በዓለም አቀፉ የቦክስ የዝና አዳራሽ ስሙ ሰፍሯል። የመጨረሻውን ግጥሚያ ያደረገው በመስከረም 17 ቀን 2005፣ በ43 ዓመቱ፣ በዚያችው በፊኒክስ ከተማ ነው። ተጋጣሚው ግሮቨር ዋይሊ የሚባል ብዙ ያልተዘመረለት አሜሪካዊ ነበር። ከአራተኛው ዙር በኋላ ቻቬዝ በጥጉ ወንበር ላይ እንደተቀመጠ ቀኝ እጁ እንደተጎዳ ለሰዎቹ ነገራቸው፤ ለአምስተኛው ዙር ደወሉ ሲደወልም አልተነሣም።